ጅማ ላይ ሆኖ የታሸገ ዓሣ ገበያን ማንበብ፦ የገቢ ንግድ አዝማሚያና የአቅራቢ ምርጫ

በጅማ ከተማ ቱናና ሰርዲን የማይሸጥበት የምግብ ሸቀጥ ሱቅ ማግኘት ያስቸግራል። በዩኒቨርሲቲው ዙሪያ ያሉ ምግብ ቤቶች ሩዝ በቱናና ፓስታ በቱና በየቀኑ ያቀርባሉ፤ ሥጋ በማይበሉባቸው ቀናት ዓሣ የሚመገቡ ደንበኞችም ጥቂት አይደሉም (ዓሣ በጾም ይበላል ወይስ አይበላም የሚለውን ክርክር ለሊቃውንቱ እንተወው)። ከግልገል ግቤ ሰው ሠራሽ ሐይቅ የሚወጣው ቆሮሶ ትኩስ ዓሣ ለሚፈልግ ሰው ይሆናል እንጂ መደርደሪያ ላይ ወራት የሚቆየውን ጣሳ አይተካም። በሀገራችን ገበያ ያለው የታሸገ ዓሣ ከሞላ ጎደል ሁሉም ከውጭ የሚገባ በመሆኑ፣ ጅማ ላይ የአንዱ ጣሳ ዋጋ የሚወሰነው በባሕር ማዶ የዓሣ ዋጋ፣ በምንዛሪ፣ በመርከብ ኪራይ፣ በቀረጥና ከአዲስ አበባ በሚያመጣው 350 ኪሎ ሜትር ገደማ መንገድ ነው። ይህ መመሪያ የተጻፈው በካርቶን ገዝተው ለሚያከፋፍሉ የጅማ ነጋዴዎችና ወደፊት ተባብረው በቀጥታ ለማስመጣት ለሚያስቡ ነው።

የመጀመሪያው ሥራ የዕቃውን የታሪፍ ቁጥር ማወቅ ነው። በዓለም አቀፉ የሸቀጦች አመዳደብ የተዘጋጀ ወይም ተጠብቆ የሚቆይ ዓሣ በ1604 ሥር ይገኛል፤ በውስጡም ሰርዲን 1604.13፣ ቱና 1604.14፣ ማካሬል 1604.15 ሆነው ተለይተዋል። እነዚህ ዓሣው ሙሉ ወይም በቁራጭ ሲሆን የሚያገለግሉ ናቸው፤ የተፈጨ ከሆነ ወደ 1604.20 ይሄዳል። ስለዚህ አንድ ሰው 1604.14ን ብቻ አይቶ ስለ ቱና ገበያ ቢናገር፣ በሌላ ቁጥር የገባውን ዕቃ ሳያይ ሊያልፍ ይችላል።

ቁጥሩ ከታወቀ በኋላ መረጃው የሚገኘው ከሁለት ወገን ነው። የጉምሩክ ኮሚሽን የሚያወጣው የገቢ ንግድ መረጃ በታሪፍ ቁጥር ተለይቶ የዕቃውን የመነሻ ሀገር፣ የላኪ ሀገር፣ የተጣራ ክብደት፣ እስከ ወደብ ያለውን ዋጋና የተከፈለውን ታክስ ያሳያል። ሁለተኛው ሀገራት ለተባበሩት መንግሥታት የሚያቀርቡት የንግድ መረጃ ሲሆን፣ ላኪዎቹ ወደ ኢትዮጵያ ላክን ያሉትን ከእኛው መዝገብ ጋር ለማመሳከር ይጠቅማል። ሁለቱ ፈጽሞ አንድ አይሆኑም። የእኛ የበጀት ዓመት ከሐምሌ እስከ ሰኔ ሲሆን የእነሱ ከጥር እስከ ታኅሣሥ ባለው የፈረንጆች አቆጣጠር ነው፤ በተጨማሪም መርከብ ላይ በአንዱ ዓመት የተጫነ ዕቃ ሞጆ ደረቅ ወደብ የሚደርሰው በሚቀጥለው ሊሆን ይችላል። በኮንትሮባንድ የሚገባው ደግሞ በእኛ መዝገብ ላይ አይታይም።

መረጃውን ሲያነቡ በመነሻ ሀገርና በላኪ ሀገር መካከል ያለውን ልዩነት በጥብቅ ይከታተሉ። ከዱባይ የተላከ ቱና ዱባይ ውስጥ ታሽጓል ማለት አይደለም፤ ዕቃው በታይላንድ ወይም በቬትናም ታሽጎ በዱባይ ነጋዴ እጅ ያለፈ ሊሆን ይችላል። የላኪ ሀገሩ ድርሻ ከዓመት ዓመት እየጨመረ የመነሻ ሀገሩ ካልተለወጠ፣ የተለወጠው ፋብሪካው ሳይሆን መካከል የገባው ነጋዴ ነው ማለት ነው። ይህ ለገዢው ትልቅ ፍንጭ ነው፤ ምክንያቱም የመካከለኛው ትርፍ በጣሳው ዋጋ ላይ ይታከላል፣ ቅሬታ ሲኖርም ፋብሪካው ዘንድ ለመድረስ አንድ ደጅ ይጨምራል።

ከሁሉ በላይ ግን ብሩን ሳይሆን ኪሎውን አስቀድመው ይመልከቱ። ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. የምንዛሪ ተመን በገበያ እንዲወሰን ከተደረገ በኋላ አንድ ዶላር ከ57 ብር አካባቢ ተነሥቶ በሳምንታት ውስጥ ከ100 ብር በላይ ሆኗል። ከዚያ ወዲህ ያለው የገቢ መዝገብ በብር ሲታይ የተመነደገ ይመስላል፤ በኪሎ ሲታይ ግን ገበያው ባለበት የቆመ ወይም የቀነሰ ሊሆን ይችላል። ከዚያ በፊት የነበሩት ዓመታትም የራሳቸው ጠባይ አላቸው፤ በጥቅምት 2015 ዓ.ም. 38 የዕቃ ዓይነቶች በባንክ ኤልሲ (ባንክ ለውጭው ሻጭ የክፍያ ዋስትና በሚሰጥበት ሰነድ) እንዳይገቡ ተከልክለው የነበረ ሲሆን ክልከላው የተነሣው ከምንዛሪ ማሻሻያው ጋር ነው። ስለዚህ በእነዚያ ዓመታት የታየን የገቢ ምግብ መዋዠቅ ሁሉ የሸማች ፍላጎት ለውጥ አድርጎ መውሰድ ያሳስታል፤ ብዙው ዶላር የማግኘትና ያለማግኘት ጉዳይ ነበር።

ስሌቱ ቀላል ነው። እስከ ወደብ ያለውን ዋጋ በተጣራው ክብደት ያካፍሉ፤ ውጤቱን በዚያ ወር የምንዛሪ ተመን እንደገና ያካፍሉ። ለማስላት እንዲያመች በተወሰደ ቁጥር፣ 20,000 ኪሎ ቱና በ10 ሚሊዮን ብር ተመዝግቦ ቢገኝና ተመኑ 125 ብር ቢሆን፣ ኪሎው 500 ብር ወይም 4 ዶላር ይሆናል። ይህን ለእያንዳንዱ መነሻ ሀገርና ለእያንዳንዱ ወር ሠርተው ከደረደሩ የትኛው አቅራቢ እየተወደደ፣ የትኛው እየረከሰ እንደሆነ ከደላላ ወሬ በፊት ያውቃሉ። ከሌሎቹ እጅግ ያነሰ የኪሎ ዋጋ ካጋጠመዎት ለመደሰት አይቸኩሉ፤ ወይ ዓሣው ዝቅተኛ ደረጃ ያለው ፍርፋሪ ነው፣ ወይ ዋጋው አንሶ ተመዝግቧል፣ ወይ ጊዜው ሊያልፍ የተቃረበ ዕቃ ነው።

ቱናን በማሸግና በመላክ በዓለም ቀዳሚዋ ታይላንድ ስትሆን ኢኳዶር ትከተላታለች፤ ቬትናም፣ ኢንዶኔዥያ፣ ፊሊፒንስና ቻይናም ትልልቅ አሻጊዎች ናቸው። በታሸገ ሰርዲን ደግሞ ሞሮኮ ከሁሉ ትቀድማለች። የታይላንድ ፋብሪካዎች አብዛኛውን ጥሬ ዓሣ የሚገዙት ከውጭ፣ በተለይም ከምዕራብና መካከለኛው ፓስፊክ ውቅያኖስ ሲሆን፣ ባንኮክ የሚደርሰው የቀዘቀዘ ስኪፕጃክ የተባለው የቱና ዝርያ ዋጋ የዓለም ገበያ መመልከቻ ሆኖ ያገለግላል። በዚያ ውቅያኖስ በየዓመቱ ከጁላይ 1 ጀምሮ ዓሣ በሚሰበስቡ ተንሳፋፊ ነገሮች ዙሪያ ማጥመድ ለተወሰነ ጊዜ ስለሚከለከል አቅርቦቱ ይጠብባል። የባንኮክ ዋጋ ጅማ የሚደርሰው ወዲያውኑ አይደለም፤ ዓሣው እስኪታሸግ፣ መርከብ እስኪያገኝና ጉምሩክ እስኪያልፍ ወራት ይወስዳል። ነጋዴው የሚጠቀመው በእነዚያ ወራት ነው፤ ባንኮክ ሲወደድ አዲስ አበባ መጋዘን ውስጥ ያለው ዕቃ ገና በአሮጌው ዋጋ የገባ ነውና።

የሞሮኮ ሰርዲን ሌላ ታሪክ አለው። ከቅርብ ዓመታት ወዲህ በባሕር ዳርቻዋ የሚጠመደው ሰርዲን በጣም ቀንሷል። መንገዱም የሚያልፈው በሱዌዝ ቦይና በቀይ ባሕር በኩል ስለሆነ፣ ከኖቬምበር 2023 ጀምሮ በንግድ መርከቦች ላይ ጥቃት ሲሰነዘር ብዙ መርከቦች የደቡብ አፍሪካን ጫፍ ዞረው ለመሄድ ተገደዋል። ከእስያ የሚመጣው ዕቃ ወደ ጅቡቲ የሚገባው ከሕንድ ውቅያኖስ በኩል ቢሆንም የመድን ክፍያው መናሩ እሱንም አልማረውም። አቅራቢዎን ከሁለት የተለያዩ የባሕር አቅጣጫዎች መምረጥ የሚጠቅመው ስለዚህ ነው።

ብዙ ሰው የማያስባቸው ቅርብ ጎረቤቶችም አሉ። ሲሸልስ፣ ሞሪሸስና ማዳጋስካር የቱና ማሸጊያ ፋብሪካዎች አሏቸው፤ ሦስቱም እንደ ኢትዮጵያ የኮሜሳ (የምሥራቅና ደቡብ አፍሪካ የጋራ ገበያ) አባላት ናቸው። ከአባል ሀገር ለመጣ ዕቃ ትክክለኛ የመነሻ ሀገር ምስክር ወረቀት ሲቀርብ የቀረጥ ቅናሽ አለ፤ ቅናሹ ለያዙት የታሪፍ ቁጥር ምን ያህል እንደሆነ ውል ከመፈረምዎ በፊት ትራንዚተርዎ (ዕቃውን ከጉምሩክ የሚያስወጣልዎ ወኪል) ያጣራ። እነዚህ ፋብሪካዎች ዋናው ገበያቸው አውሮፓ ስለሆነ ለትንሽ ገዢ ጆሮ ላይሰጡ ይችላሉ፤ ቢሆንም ዋጋ መጠየቅ ምንም አያስከፍልም።

አቅራቢ ሲመርጡ መጀመሪያ የሚለዩት ከማን ጋር እየተነጋገሩ እንደሆነ ነው። ጣሳው ላይ ያለው የንግድ ስም ባለቤት፣ አሻጊው ፋብሪካና ዕቃውን የሚሸጥልዎ ነጋዴ ሦስት የተለያዩ ድርጅቶች ሊሆኑ ይችላሉ፤ አንድ ፋብሪካ ለብዙ የንግድ ስሞች ያሽጋል፣ አንድ የንግድ ስምም ዘንድሮ ከአንዱ፣ ከርሞ ከሌላው ፋብሪካ ሊያሳሽግ ይችላል። ስለዚህ የንግድ ስም ለምደው አይተማመኑ፤ የጣሳው ክዳን ወይም ታች ላይ የተቀረጸውን የፋብሪካ ኮድና የምርት መለያ ቁጥር መዝግበው ይያዙ። ፋብሪካው ወደ አውሮፓ ኅብረት ለመላክ የተፈቀደለት ነኝ ካለ፣ ኅብረቱ የተፈቀደላቸውን ፋብሪካዎች ከፈቃድ ቁጥራቸው ጋር ለሕዝብ ክፍት አድርጎ ስለሚያወጣ አባባሉን እዚሁ ጅማ ተቀምጦ ማረጋገጥ ይቻላል። ከዚህ የረከሰና የፈጠነ ማጣሪያ አላውቅም።

ከፋብሪካው የሚጠየቁት ሰነዶች የጤና ምስክር ወረቀት፣ የሙቀት ማምከን መዝገብና የሂስታሚን ምርመራ ውጤት ናቸው። ሦስተኛው ተጨማሪ ማብራሪያ ይፈልጋል። ቱና፣ ማካሬልና ሰርዲን ከተጠመዱ በኋላ በቶሎ ካልቀዘቀዙ ባክቴሪያ በሥጋቸው ውስጥ ሂስታሚን ይፈጥራል፤ ይህን የበላ ሰው ፊቱ ይቀላል፣ ራሱን ያመዋል፣ ያሳክከዋል። ሂስታሚን በማብሰልም ሆነ ጣሳው ውስጥ በሚደረገው ማምከን አይጠፋም። ስለዚህ የፋብሪካው ንጽሕና ብቻ ዋስትና አይሆንም፤ ጥፋቱ የሚጀምረው መርከቡ ላይ ነው። በዓለም አቀፉ የምግብ ደረጃ ኮዴክስ መሠረት በአንድ ኪሎ ከ200 ሚሊ ግራም መብለጥ የለበትም፤ በአማካይ ከ100 ሚሊ ግራም ካለፈ ደግሞ ዓሣው የመበላሸት ምልክት እንዳለው ይቆጠራል። ውጤቱ ለእርስዎ ጭነት መለያ ቁጥር የተሰጠ መሆኑን ያረጋግጡ፤ የአምና ወረቀት ዘንድሮ ለመጣ ዕቃ አይሠራም።

ቀጥሎ ናሙናውን እጅዎ ላይ ይፈትሹ። ወንፊትና የወጥ ቤት ሚዛን ይበቃል። ጣሳውን ከፍተው ዘይቱ እስኪወርድ ወንፊቱ ላይ ለሁለት ደቂቃ ይተዉትና የቀረውን ዓሣ ይመዝኑ። ምሳሌ ልስጥ፤ 185 ግራም የተጻፈበት ጣሳ 130 ግራም ዓሣ ኖሮት በ200 ብር ቢሸጥ 100 ግራሙ 154 ብር ገደማ ይሆናል፤ 160 ግራም የሚለው ጣሳ 90 ግራም ዓሣ ኖሮት በ170 ብር ቢሸጥ ግን 100 ግራሙ 189 ብር ገደማ ነው። በ30 ብር የረከሰው ጣሳ በዓሣው ሲለካ የተወደደው ነው። የምግብ ቤት ባለቤት ይህን ልዩነት በሁለተኛው ሳምንት ያውቀዋል፣ ተማሪው ደግሞ ሩዙ ላይ ያየዋል። የዓሣውን ዝርያም ከመለያው ላይ ያንብቡ፤ ስኪፕጃክ፣ የሎፊንና አልባኮር ሁሉም ቱና ቢባሉም ዋጋቸው የተለያየ ነው። ሰርዲንም ቢሆን ከአንድ በላይ የዓሣ ዝርያ የሚሸጥበት ስም ነው፤ ፔሩና የአውሮፓ ኅብረት ስሙን በመጠቀም መብት ተካሰው ጉዳዩ በዓለም ንግድ ድርጅት የተቋጨው በ2002 እ.ኤ.አ. ለፔሩ ተፈርዶ ነው።

በቀጥታ ለማስመጣት የወሰኑ ነጋዴዎች ምርቱን አስቀድመው በኢትዮጵያ ምግብና መድኃኒት ባለሥልጣን በኩል ማስፈቀድ አለባቸው፤ ኤልሲ ከፍቶ ፈቃድ መፈለግ ፈረሱን ከጋሪው ኋላ ማሰር ነው። የወጪ ስሌቱ ላይ ከቀረጡ ሌላ ተጨማሪ እሴት ታክስ 15 በመቶና ሱር ታክስ 10 በመቶ አለ፤ ሱር ታክሱ የሚሰላው በዕቃው ዋጋ ብቻ ሳይሆን ቀረጡና ተጨማሪ እሴት ታክሱ ከተደመሩበት በኋላ ስለሆነ 10 በመቶ ከሚመስለው በላይ ይከብዳል። በእኔ አስተያየት አንድ የጅማ ነጋዴ ብቻውን ሙሉ ኮንቴይነር ማምጣት የለበትም፤ ገንዘቡ ለወራት ይታሠራል፣ በመካከል ምንዛሪው ከዋዠቀ ትርፉ ይበላል። ሦስት አራት ሆኖ መጀመር ወይም ከአስመጪ ጋር ቋሚ ስምምነት መያዝ ይሻላል።

ከአዲስ አበባ አስመጪ ለሚገዛ ሰው ሁለት ጥያቄ ይበቃል፦ የጉምሩክ ዲክላራሲዮኑን ቅጂ ማየትና ዕቃው ጅቡቲ ላይ ምን ያህል ጊዜ እንደቆየ መጠየቅ። ሁለተኛው ጥያቄ ለአንዳንዱ አስመጪ ሊያስቀው ይችላል። ነገር ግን የታሸገ ዓሣ ሲመከን የማይሞቱ፣ በተለመደው ሙቀት ግን የማይባዙ ሙቀት ወዳድ ባክቴሪያዎች አሉ፤ ከ40 ዲግሪ ሴንቲግሬድ በላይ በሚሆነው የጅቡቲ የሙቀት ወራት ኮንቴይነር ውስጥ ለሳምንታት የተቀመጠ ዕቃ ሊነፋ ወይም ሳይነፋ ሊኮመጥጥ ይችላል። ከየካርቶኑ ሳይሆን ከየምርት መለያ ቁጥሩ ጥቂት ጣሳ ከፍቶ ማሽተት ያስፈልጋል። የተነፋ ጣሳ አይከፈትም፣ አይቀመስም፤ ይመለሳል።

ጅማ ከደረሰ በኋላ ጠላቱ እርጥበት ነው። ክረምታችን ረጅም፣ አየሩም ርጥብ ስለሆነ ካርቶኑ ከግድግዳ ርቆ፣ ከመሬት በእንጨት ከፍ ብሎ መቀመጥ አለበት፤ ከጨው ጆንያ ጎን ማስቀመጥ በተለይ ጎጂ ነው፣ ጨው እርጥበት ስቦ የጣሳውን መጋጠሚያ ያዝገዋልና። ላይ ላዩን ያለ ዝገት በጨርቅ ከተጠረገ ችግር የለውም፤ ቢጠረግ የማይለቅና ጉድጓድ የፈጠረ፣ በተለይም መጋጠሚያው ላይ ያለ ዝገት ግን ጣሳውን ያስጥላል። የግዢ ጊዜውን ከተማዋ እንደምትንቀሳቀስበት ይወስኑ፦ ተማሪዎች ከመመለሳቸው በፊት፣ እንዲሁም የቡና ለቀማው ገንዘብ ገበያ ውስጥ ከመግባቱ ቀደም ብሎ በመስከረም አጋማሽ መጋዘኑ ሞልቶ ቢጠብቅ ጥሩ ነው። የመጀመሪያውን ትእዛዝ ለሁለት አቅራቢዎች ከፍለው በትንሹ ይስጡ፣ ደረሰኙም ላይ የምርት መለያ ቁጥሩ እንዲጻፍ ያስገድዱ፤ አንድ ምግብ ቤት ቅሬታ ይዞ ቢመጣ የትኛው ካርቶን ከማን እንደተገዛ የሚናገረው ያ ቁጥር ብቻ ነው።