በጋለ ድንጋይ ለሠላሳ ሰው፦ ክላምቤክ እንዴት ይሠራል

ድፎ ዳቦ በኮባ ሲጋገር ያየ ሰው ክላምቤክን፣ ማለትም በጋለ ድንጋይ የሚበስለውን የባህር ምግብ ድግስ፣ ለመረዳት አይቸገርም። ኮባው ሊጡን ከቃጠሎ ይጠብቃል፣ ሽታውንም ያወርሰዋል። እዚህ አሜሪካ፣ በኒው ኢንግላንድ የባህር ዳርቻ፣ የኮባውን ሥራ የሚሠራው የባህር አረም ነው። ከሥር በምጣድ ፈንታ የጋለ ድንጋይ አለ። በአረሙ ላይ ክላም የሚባለው ባለ ዛጎል የባህር እንስሳ፣ ሎብስተር የሚባለው ባለ መቆንጠጫ የባህር እንስሳ፣ በቆሎና ድንች ይደረደራል። የማሳቹሴትስ ነባር ሕዝብ የሆኑት ዋምፓኖጎች አፓናግ ይሉታል። ዛሬም ሰው ለማክበር ይሠሩታል።

እኔ ማሳቹሴትስ ውስጥ ሦስት ሰመር ሠርቼዋለሁ። የመጀመሪያው ተበላሽቶብኛል።

መጀመሪያ ፈቃድ። ብዙ ከተሞች ባህር ዳር ላይ እሳት ለማንደድ የእሳት አደጋ ክፍሉን ፈቃድ ይጠይቃሉ፤ ጨርሶ የሚከለክሉም አሉ። ቦታው ከተፈቀደ፣ ውሃው ሲሞላ የት ድረስ እንደሚመጣ እዩ። የደረቀ አረም መስመር ሠርቶ ታገኛላችሁ። ጉድጓዱ ከዚያ በላይ ይሁን፤ ወርዱ አንድ ሜትር ከሃያ፣ ጥልቀቱ ስልሳ ሳንቲሜትር ያህል።

ለአንድ ሰው ግማሽ ኪሎ ክላም፣ ግማሽ ኪሎ ገደማ የሚመዝን አንድ ሎብስተር፣ አንድ በቆሎና ሁለት ሦስት ትንንሽ ድንች ይበቃል። በኒው ቤድፎርድና በፎል ሪቨር አካባቢ ፖርቱጋሎች ያመጡት ቋሊማም ይጨመርበታል። ክላሙን ከአሳ መሸጫ ግዙ። ራሳችሁ አትልቀሙ። መርዛማ አልጌ በባህሩ ሲበዛ ክላም መርዙን በሰውነቱ ያከማቻል፤ ብትቀቅሉት እንኳ አይጠፋም። የገዛችሁትን በሊትር 35 ግራም ጨው ባለበት ውሃ ውስጥ ለጥቂት ሰዓት አስቀምጡት፤ አሸዋውን ይተፋል። በቧንቧ ውሃ ብቻ ከዘፈዘፋችሁት ይሞታል። ዛጎሉ የተሰበረውንና ሲነኩት የማይሰበሰበውን ጣሉ።

አረሙ ሮክዊድ የሚባለው መሆን አለበት። ቅርንጫፉ ላይ ትንንሽ ፊኛዎች አሉት። ድንጋዩ ሲነካው እርጥበቱን ይለቅና ጨዋማ እንፋሎት ይሆናል። ለሠላሳ ሰው ከአምስት ጆንያ አያንስም። ቀድማችሁ ከነገራችኋቸው አሳ መሸጫዎቹ ያመጡላችኋል። ካገኛችሁበት ዓለት ላይ አትንቀሉ። ለምሳሌ በሜይን ግዛት እ.ኤ.አ. በ2019 ከፍተኛው ፍርድ ቤት፣ ዳርቻው ላይ የበቀለ ሮክዊድ የመሬቱ ባለቤት ንብረት ነው ብሎ ወስኗል።

አሁን ወደ ድንጋዩ። ሁሉም ነገር ያለው እዚህ ላይ ነው።

ድንጋዩ ከደረቅ መሬት የመጣ ይሁን። ከወንዝ ወይም ከባህር የወጣ ድንጋይ ውስጡ ውሃ ይይዛል፤ ሲግል ይፈነዳል፣ ስባሪውም ዓይን ያጠፋል። ክብ፣ ጠጣር፣ የሰው ጭንቅላት የሚያህል ግራናይት ምረጡ። የጉድጓዱን ወለልና ጎን በእሱ አልብሱት። ከዚያ የኦክ ወይም የሜፕል ፍልጥ ከምሩበት። ቀለም የተቀባ ወይም መድኃኒት የተነከረ እንጨት አይገባም። ቤንዚንም አታርከፍክፉ፤ ሽታው ምግቡ ውስጥ ይገባል። እሳቱ ሁለት ሰዓት ተኩል፣ ሦስት ሰዓት ይንደድ። ድንጋዩ ላይ የውሃ ጠብታ ስትጥሉ ቸስ ብላ ወዲያው ከጠፋች ደርሷል።

የእኔ ጥፋት የመጣው ከዚህ በኋላ ነበር። ፍሙን በአካፋ ጠርጌ አወጣሁ። ከዚያ ነው ጆንያ መፍታት፣ በቆሎ ማጠብ፣ ክላሙን በሻሽ መቋጠር የጀመርኩት። ሃያ ደቂቃ ያህል ሄደ። ክፍት ጉድጓድ ላይ የባህር ነፋስ እየነፈሰ ድንጋዩ ምን ያህል እንደሚቀዘቅዝ አላሰብኩም። ከአንድ ሰዓት ተኩል በኋላ ሸራውን ስንገልጥ ክላሙ አፉን እንደዘጋ ነው። ለብ ባለ ነገር ውስጥ ያን ያህል የቆየ ክላም ለሰው አይሰጥም። በሙሉ ጣልነው። ልጆቹ ዳቦ በልተው ሄዱ። የዚያን ቀን ሀዘን እስከ ዛሬ ይሰማኛል።

ስለዚህ ፍሙን ከመንካታችሁ በፊት ሁሉም ነገር ጉድጓዱ ጠርዝ ላይ ይሰለፍ። አረሙ ተፈትቶ፣ ክላሙ በሻሽ ተቋጥሮ፣ በቆሎው ከነልብሱ ርሶ፣ ሸራው ባህር ውስጥ ተነክሮ። አራት ሰው ይኑራችሁ፤ ሁለት ፍም የሚያወጡ፣ ሁለት አረም የሚያለብሱ። ፍሙን ስታወጡ ግን አትሰስቱ። የቀረ ፍም አረሙን ያቃጥለዋል፣ ምግቡም ይመራል። ከመጨረሻው አካፋ እስከ ሸራው ድረስ ከአምስት ደቂቃ በላይ እንዳይፈጅባችሁ።

አንድ ስንዝር አረም፣ ድንች፣ ክላም፣ በቆሎ፣ ሎብስተር፣ እንደገና አረም። ከላይ አንድ ጥሬ እንቁላል አስቀምጡ። በእርጥቡ ሸራ ሸፍኑና ጠርዙን በአሸዋና በድንጋይ ድፈኑት። ሸራው የጥጥ ይሁን፤ ፕላስቲኩ ይቀልጣል፣ ውሃ እንዳያስገባ የተቀባው ደግሞ ይሸታል። እንፋሎት በሚያመልጥበት በኩል አሸዋ ጨምሩ።

ከአንድ ሰዓት በኋላ እንቁላሉን አውጥታችሁ ስበሩት። ከረጋ ምግቡ ደርሷል። ሎብስተሩ ይቀላል፣ ክላሙ አፉን ይከፍታል። ያልተከፈተውን አትብሉ። ማጥቀሻው የቀለጠ ቅቤ ነው። እኔ ሚጥሚጣ ጣል አደርግበታለሁ፤ አሜሪካኖቹም ወደውታል።

በትልቅ ድስት፣ በጋዝ የሚሠሩት አሉ። ለአስር ሰው ምንም አይልም። ለሠላሳ ሰው ግን ያ የአረም ሽታ ሳይኖር ሰው መጥራት አልወድም።

የኛ ሰዎች ከተጠሩ አስቀድማችሁ ጠይቁ። ብዙ ኦርቶዶክሶች ክላምም ሎብስተርም አይበሉም። ነሐሴ ላይ ደግሞ ፍልሰታ አለ። ከዚያው ጉድጓድ የወጣ በቆሎ የክላሙ ጭማቂ ስለሚነካው ለእነሱ አይሆንም። በቆሎና ድንቹን ለብቻ፣ በሌላ እሳት ጥበሱላቸው። አሳ ለሚበላ ሰው ኮድ የሚባለውን አሳ በአዋዜ ለውሳችሁ በፎይል ጠቅልሉለት።

ስትጨርሱ ጉድጓዱንም፣ ያወጣችሁትንም ፍም በባልዲ ባልዲ ውሃ አጥፉ። አሸዋ ብቻ አልብሳችሁ አትሂዱ። ከአሸዋ ሥር ያለ ፍም ለሰዓታት ይቆያል፣ ከላይም አይታይም፤ በባዶ እግሩ የሚሮጥ ልጅ ይረግጠዋል። እጃችሁን ከአሸዋው በላይ ያዙ። ሙቀት ከተሰማችሁ ሌላ ባልዲ ጨምሩ።