ጎዝ ሆድ ውስጥ እንዳይቀር፦ የኦፕሬሽን ክፍል ቆጠራ አሠራር

ሆድ ውስጥ ጎዝ ቀርቶባቸው የተገኙ የአብዛኞቹ ታካሚዎች ቻርት ላይ «ቆጠራው ልክ ነው» የሚል ፊርማ አለ። ችግሩ ያለው አቆጣጠሩ ላይ ነው።

ሥራው የሁለት ሰው ነው። ስክራብ ነርሷ (ለሐኪሙ ዕቃ የምታቀብለው) አንድ በአንድ እየነጠለች ድምፅ አውጥታ ስትቆጥር፣ ሰርኩሌቲንግ ነርሷ (ከንጹሑ ክልል ውጭ ሆና የምታግዘው) እያየች አብራት ትቆጥርና ወዲያው ሰሌዳ ላይ ትጽፋለች። የታሰረን ጎዝ ከላይ አይቶ «አምስት ነው» ማለት ከቆጠራ አይገባም፤ እስሩ ይፈታል። ቁጥሩ ቢጎድል ወይም ቢተርፍ አታስተካክሉት፤ እስሩን እንዳለ ለይታችሁ ታካሚው ከመግባቱ በፊት ከክፍሉ አውጡት። ሆስፒታል ውስጥ ተቆርጦና ተጣጥፎ በድራም (በማምከኛ ቆርቆሮ ዕቃ) የሚመጣ ጎዝ ላይ ይህ ይበልጥ ይጠብቃል። በኤክስሬይ የሚታይ ክር ስለሌለው፣ ከጠፋ በፊልም አይገኝም።

የሚቆጠረው ሥራው ከመጀመሩ በፊት፣ ዕቃ በተጨመረ ቁጥር፣ ነርስ ስትቀያየር፣ ማህፀን ተከፍቶ ከሆነ እሱ ከመዘጋቱ በፊት፣ ሆድ ከመዘጋቱ በፊት፣ በመጨረሻም ቆዳ ሲሰፋ ነው። ቅደም ተከተሉ አይለወጥ፦ ከቁስሉ ወደ ማዮ (ታካሚው አጠገብ ወዳለው ትንሽ የዕቃ ጠረጴዛ)፣ ከማዮ ወደ ትልቁ ጠረጴዛ፣ ከዚያ ወደ ባልዲው።

በቀዶ ሕክምና ወሊድ በደም የራሰ ፓክ (ክር ያለው ትልቅ የሆድ ጎዝ) አንጀት ይመስላል፤ ጎን ለጎን ገብቶም ይደበቃል። ስለዚህ የፓኩ ክር በአርተሪ (በመቆንጠጫ መሣሪያ) ተይዞ ከሆድ ውጭ ይቀመጥ። ትንሽ ጎዝ ክፍት ሆድ ውስጥ በመያዣ ካልሆነ አይግባ፤ ጎዝም አይቆረጥ። ያገለገለው ተዘርግቶ በአምስት በአምስት ይደርደር። የቆሻሻ ባልዲና የቆሸሸ ጨርቅ ቆጠራው ሳያልቅ ከክፍሉ አይወጣም። ብዙ ሰው የሚዘነጋው የእንግዴ ልጁን ሳህን ነው፤ ጎዝ ተጣብቆበት ሊወጣ ይችላል።

ቁጥሩ ካልገጠመ «አንድ ፓክ ጎድሏል» ብላችሁ ዓይነቱንና ብዛቱን ጮክ ብላችሁ ተናገሩ። ታካሚዋ ደህና ከሆነች መዝጋቱ ይቆማል። ሐኪሙ ሆዱን በእጁ ይፈትሻል፤ ሰርኩሌቲንግ ነርሷ ወለሉን፣ ባልዲውን፣ የድሬፑን (ታካሚዋ የተሸፈነችበትን ጨርቅ) እጥፋት፣ የሰዎቹን ጫማ ሥር ሳይቀር ታያለች። «ቅድም ቆጥሬዋለሁ» መልስ አይደለም። ካልተገኘ ታካሚዋ ከክፍሉ ሳትወጣ ኤክስሬይ ትነሳለች። ከ10 ሚሊሜትር ያነሰ መርፌ ግን ፊልም ላይ ላይታይ ስለሚችል፣ ንጹሕ ፊልም ብቻውን አያሳምናችሁ። ደም እየፈሰሳት መጠበቅ ካልተቻለ «ቆጠራው አልገጠመም» ተብሎ ይጻፍ፤ ስትረጋጋ ኤክስሬይ ትነሳ። ደም ለማቆም ሆን ተብሎ የተተወ ፓክም ዓይነቱና ብዛቱ ቻርቱ ላይ ሰፍሮ ለተረካቢዋ ነርስ በቃል ይነገር።

የዓለም ጤና ድርጅት እ.ኤ.አ. በ2008 ያስተዋወቀው የቀዶ ሕክምና ደህንነት ማረጋገጫ፣ ታካሚው ከክፍሉ ከመውጣቱ በፊት የመሣሪያ፣ የጎዝና የመርፌ ቆጠራ መጠናቀቁን ነርሷ በቃል እንድታረጋግጥ ይጠይቃል። ቡድኑ እየሰማ ይነገር፤ ወረቀት ላይ ምልክት አድርጎ ማለፍ አይበቃም።

የቁስል መሸፈኛ ጎዝ የመጨረሻው ቆጠራ ካለቀ በኋላ ብቻ ይከፈት። የኤክስሬይ ክር ያለው ጎዝ ለመሸፈኛ አይሁን፤ በኋላ ፊልም ሲነሳ ሆድ ውስጥ የቀረ ይመስላል።