በከተማ ዳርቻ የራስን ፊልም ለመሥራት

በአዲስ አበባ ዳርቻ፣ በኮዬ ፈጬ ወይም በቱሉ ዲምቱ፣ ኮንዶሚኒየሙ ከእርሻው ጋር በሚዋሰንበት ስፍራ፣ ስለ መሬት ጥያቄ ዘጋቢ ፊልም ለመሥራት ካሰቡ በመጀመሪያ ካሜራዎን ቤት ትተው ይሂዱ። መሬቱን የለቀቀው ገበሬም ሆነ በዕጣ ቤት የደረሰው ነዋሪ የየራሱ እውነት ስላለው፣ ሁለቱንም ሳይሰሙ መቅረጽ ፊልሙን ከወዲሁ ያጎድለዋል። ኦሮምኛ ተናጋሪው በኦሮምኛ ይናገር፤ ትርጉሙ በጽሑፍ ከሥር ይገባል።

ፈቃድ ሲጠይቁ ፊልሙ የት እንደሚታይና በተናጋሪው ላይ ምን ሊያስከትል እንደሚችል በግልጽ ያስረዱ። ፊቱ እንዲታይ የማይፈልግ ሰው ካለ ከጀርባው ወይም እጆቹን ብቻ ይቅረጹ እንጂ «በኋላ በኤዲቲንግ እሸፍነዋለሁ» አይበሉ፤ ያልተሸፈነው ቅጂ ከእጅዎ ሊወጣ ይችላልና። ቀረጻውን በየምሽቱ በሁለት ሃርድ ዲስክ ገልብጠው በተለያየ ቤት ያስቀምጡ።

ከሁሉ የሚከብደው ማሳየቱ ነው። የፊልም ዳይሬክተሩ ኃይሌ ገሪማ እ.ኤ.አ. በ1993 «ሳንኮፋ» የተባለውን ፊልሙን ሲያወጣ አከፋፋይ ስላጣ፣ በአሜሪካ ከተሞች ራሱ ሲኒማ ቤት እየተከራየ ለሕዝብ አሳይቷል፤ ይህ መንገድ ለእኛም ይሆናል ብዬ አምናለሁ። የዕድር ድንኳንና ወንበር፣ ፕሮጀክተር፣ መብራት ቢጠፋ ጄኔሬተር፣ እንዲሁም የወረዳው ፈቃድ ከተገኘ፣ የመጀመሪያውን ዕይታ ለተቀረጹት ሰዎች ያድርጉ፤ ቅሬታ ያነሡበትንም ትዕይንት ፊልሙን ወደ መሀል ከተማ ከመውሰድዎ በፊት ከእነርሱ ጋር ሆነው ይመርምሩ።