ለልብ ወለዳችሁ የሌለ ማዕድን እንዴት ትፈጥራላችሁ?

ልብ ወለድ የሚጀምሩ ብዙ ወጣቶች ተአምረኛ ድንጋይ ይወዳሉ። ድንጋዩ ያበራል፣ ይፈውሳል፣ ካስፈለገም ሙት ያስነሳል። አንባቢ ግን ቶሎ ይሰለቸዋል። ሁሉን የሚችል ድንጋይ ማንንም አያስጨንቅማ! እንግዳ ነገር የሚታመነው በዙሪያው ያለው ሁሉ እውነት ሲሆን ነው። ሰሜን ሸዋ ደግሞ ለዚህ የሚሆን እውነት ሞልቶታል። ስለዚህ እዚያው አንድ ማዕድን እንፍጠር።

1. ከእውነተኛ ድንጋይ ተነሱ

መዘዞ አካባቢ ኦፓል የሚባል የጌጥ ድንጋይ ይወጣል። የዓለም ገበያ ያወቀው በ1990ዎቹ (እ.ኤ.አ.) ነው። ከውጭ ስታዩት ድቡልቡል፣ ቡናማ፣ ተራ ድንጋይ ነው። ሲፈለጥ ውስጡ ቀይ፣ አረንጓዴና ሰማያዊ ብልጭታ ይታያል። እጃችሁ ላይ ስታገላብጡት ቀለሙ ቦታ ይቀያይራል። ኦፓል ውስጥ በዓይን የማይታዩ የሲሊካ እንክብሎች በሥርዓት ተደርድረዋል። ቀለሙን የሚያወጣው ብርሃን በእነሱ መሐል ሲያልፍ ነው። ድንጋዩ ውሃም አለበት፤ ሲደርቅ ሊሰነጣጠቅ ይችላል።

የወሎው የወገል ጤና ኦፓል ደግሞ ይብሳል። ውሃ ውስጥ ሲነከር ይጠጣል፣ ይከብዳል፣ ብልጭታው ጠፍቶ እንደ መስታወት ያሳልፋል። ሲደርቅ ወደ ነበረበት ይመለሳል። ይህን ከጭንቅላታችሁ አውጥታችሁ ብትጽፉት «አጋነናችሁ» ትባሉ ነበር።

2. አንድ ባሕርይ ብቻ ምረጡ

ሁለተኛ ካማራችሁ ለሌላ ታሪክ አቆዩት። የእኛ ድንጋይ ሲበርደው ይከብዳል፣ ሲሞቀው ይቀላል። በቃ። ያገሬው ሰው «ውርጭ ድንጋይ» ይበለው።

3. ሕጉን በቁጥር ያዙ

ይህ ለራሳችሁ ማስታወሻ ነው። ጎህ ሲቀድ 1 ኪሎ የነበረው ቀትር ላይ 700 ግራም ይሁን እንበል። ከዚያ ወዲያ ንቅንቅ የለም። ምዕራፍ 9 ላይ 400 ካላችሁት አንባቢ ይይዛችኋል።

ጥንካሬም ስጡት። የሞስ መለኪያ ከ1 እስከ 10 ይሄዳል። ጥፍር 2.5 አካባቢ ነው፣ ኦፓል ከ5.5 እስከ 6.5፣ አልማዝ 10። የእኛን 3 ብናደርገው ጥፍር አይጭረውም፣ ሰንጢ ግን ይጭረዋል። እንግዲህ አንድ እረኛ ስሙን ሊቀርጽበት ይችላል ማለት ነው። ያ ድንጋይ ከተሰረቀም ባለቤቱ ይታወቃል። ከአንድ ቁጥር ስንት ነገር እንደወጣ አያችሁ?

4. የሚያሸንፈው ነገር ይኑር

የእኛ ድንጋይ ቆላ ሲወርድ ይፈረካከሳል። እዚህ ላይ መልክዓ ምድሩ ራሱ ያግዛችኋል። ጣርማ በር ላይ ጋቢ የደረበ ተሳፋሪ ደብረ ሲናን አልፎ ሸዋ ሮቢት ሲደርስ የሸሚዙን ቁልፍ ይፈታል። ሁሉም የአንድ ጠዋት መንገድ ነው። ድንጋዩን በጆንያ የጫነው ሾፌር ምን ያደርጋል? በሌሊት ይነዳል? ጣርማ በር ያለው የመንገድ ዋሻ ጋ ቆሞ ብርዱን ይጠብቃል? እዚህ ብዙ ቆዩ፤ ታሪካችሁ ያለው እዚሁ ነው።

5. ሰው አስገቡበት

ከሁሉም የምወደው ይህን ደረጃ ነው። ሻጭ ሁልጊዜ በጠዋት ማስመዘን ይፈልጋል፤ ገዢ ደግሞ ቀትርን ይጠብቃል። መሐል ሜዳ ገበያ ውስጥ እናስቀምጣቸው። ሽማግሌው ከበግ ጠጉር የተሠራ ባና ለብሰዋል። ድንጋዩን ግን ከባናው ሥር አላስገቡትም፤ በእርጥብ ጨርቅ ጠቅልለው ጥላ ውስጥ አኑረውታል። ነጋዴው ሚዛኑን አላወጣም።

«አባባ፣ ፀሐይዋ ትሙቅና እንመዝናለን።»

«ልጄ፣ እሷ እስክትሞቅ የኔ ድንጋይ ይቀላል። ያንተም ብር አብሮ ይቀላል። አሁኑኑ መዝን!»

አስማት የሚባል ነገር አልተነሳም። ግን ድንጋዩ ምን እንደሚያደርግ ማንም አንባቢ ገብቶታል።

ቀጥሎ ጠይቁ፦ ተራራውን የሚጠብቀው ማነው? ለዚህ መንዝ ያለውን ከፍተኛ የሣር ምድር፣ ጓሳን አስቡ። የመንዝ ሰው የጓሳን ሣር ለዘመናት በራሱ ሕግ ጠብቋል። ቄሮ በሚባለው ሥርዓት ሣሩ የሚታጨድበት ጊዜ ይከፈትና ይዘጋ ነበር፤ ከ1967ቱ የመሬት አዋጅ በኋላ ሥርዓቱ ፈረሰ። ውርጭ ድንጋይም እንዲህ የሚከፈትና የሚዘጋ ተራራ ይኑረው። ከዚያ በተዘጋው ወር የታመመ ልጁን ማሳከሚያ ያጣ አባት ድንጋይ ፍለጋ በሌሊት ይውጣበት። ሌባ ትሉታላችሁ? እኔ አልለውም፤ የጎረቤቶቹን ፍርድ ግን እናንተ ጻፉት።

6. መገኘቱን መጨረሻ ላይ ጻፉት

ጀማሪ ሁሉ ድንጋዩ ከመሬት ሲወጣ ይጀምራል። እናንተ ገበያውን አስቀድሙ። ሰው የሚጣላበትን ነገር አንባቢ ራሱ «ከየት መጣ?» ብሎ ይፈልገዋል።

7. አገሩን ለሚያውቅ ሰው አስነብቡ

ስለ ድንጋዩ አትጠይቁት። ስለ ብርዱ፣ ስለ ገበያው ቀን፣ ስለ መንገዱና ሽማግሌው ስለሚናገሩበት ለዛ ጠይቁት። እዚያ ላይ «እንዲህ አይባልም» ካላችሁ ሳትከራከሩ አስተካክሉ። ድንጋዩን ግን አትንኩት።