የስፕሪንግቴይል እርባታ ሲበላሽ፦ ችግርና መፍትሄ

ጌኮ ወይም ሌላ እርጥበት ወዳድ እንሽላሊት በመስታወት ቤት የሚያሳድግ ሰው ስፕሪንግቴይል የምትባለውን፣ እርጥብ አፈር ውስጥ የምትኖር ባለ ስድስት እግር ደቃቅ ፍጡር አያጣትም። ርዝመቷ ባብዛኛው ከ3 ሚሊ ሜትር አይበልጥም፤ ሻጋታና የበሰበሰ ቅጠል እየለቀመች ቤቱን ታጸዳለች፤ ስትደነግጥ ከሆዷ ሥር የታጠፈውን ሹካ መሰል አካል ለቅቃ ትፈናጠራለች። በብዛት የሚረባው ነጩ ዓይነት ፎልሶሚያ ካንዲዳ ይባላል። ክዳን ያለው ፕላስቲክ ዕቃ፣ እርጥብ ከሰልና ጥቂት የዳቦ እርሾ ይበቃታል። ከዚያ ወዲያ የሚደርስባት ጥፋት ባብዛኛው ከእጃችን ነው።

በሁለት በሦስት ቀን ሁሉም ከሞቱ

መጀመሪያ ከሰሉን ጠርጥሩ። እኔ የመጀመሪያ እርባታዬን የፈጀሁት ለዕጣን በሚሸጠው፣ ክብሪት ሲነካው በሚንጣጣው ክብ ከሰል ነው። ቶሎ እንዲቀጣጠል ናይትሬት እንደሚጨመርበት የገባኝ በኋላ ነው። ለጥብስ የሚሸጠውም አንዳንዱ በነዳጅ የተነከረ ነው። የአፈርን መመረዝ የሚፈትሹ ቤተ ሙከራዎች ይህችኑ ፍጡር የሚያረቡት እኮ መርዝ ቶሎ ስለሚጎዳት ነው! ቡና የምናፈላበት ዓይነት፣ ከእንጨት ብቻ የከሰለ ከሰል ፈልጉና አቧራውን አጥባችሁ አስገቡ። ክሎሪን በሚሸት የቧንቧ ውሃ ፋንታም የዝናብ ውሃ ተጠቀሙ።

ከሰሉ ንጹሕ ከሆነ ደግሞ ሙቀቱን እዩ። ከ20 እስከ 24 ዲግሪ ይስማማታል፤ የእንሽላሊቱ መብራት አጠገብ ማስቀመጥ መቀቀል ነው።

በዝተው ሳለ ድንገት ካለቁ

ታፍነዋል። ክዳኑን በሳምንት ሁለት ጊዜ ከፍታችሁ አራግቡት።

ሻጋታ ከወረሰው

ምግብ በዝቷል። «በሞቴ» እያሉ የሚያጎርሱበት ቤት አይደለም፤ በሁለት ጣት ቁንጥር ያህል እርሾ በትናችሁ እስኪያልቅ ጠብቁ። ስስ ሻጋታ ራሳቸው ይበሉታል፤ ያልተበላውን እብጠት ብቻ አንሱ። ዕቃው የበሰበሰ ነገር ከሸተተ ግን ከከሰሉ ሥር ያለውን ውሃ ለውጡ።

የማይዘሉ ክብ ነገሮች ከታዩ

እነዚህ ማይት የሚባሉ የሸረሪት ዘመዶች ናቸው። ባለ ስምንት እግር ናቸው፤ ቀስ ብለው ይሄዳሉ፤ ሲበዙ ግድግዳና ክዳኑ ላይ እንደ ዱቄት ይጋገራሉ። የሚመጡት ከተረፈ እርሾ፣ አጠገብ ከተቀመጠ ትል የሚረባበት ፉርሽካ ወይም ከገዛችሁት መነሻ ዘር ጋር ነው። ለቅሞ ለመጨረስ አትድከሙ። አንድ የከሰል ቁራጭ ንጹሕ ውሃ ባለበት ሳህን ላይ አራግፉ፤ ስፕሪንግቴይል ቆዳዋ ውሃ ስለማያስገባ ትንሳፈፋለች። ማይትም አብሮ ሊንሳፈፍ ስለሚችል፣ በአጉሊ መነጽር እያያችሁ የሚዘሉትን ብቻ በወረቀት ጫፍ ወደ አዲስ ዕቃ አሻግሩ። አሮጌውን የፈላ ውሃ ድፉበት።

ጥቂት መሆናቸው አያስጨንቃችሁ። ፎልሶሚያ ካንዲዳ ያለ ወንድ ስለምትራባ አንዷም ዘር ትተካለች። ሆኖም እንቁላሉ እስኪፈለፈል አሥር ቀን ያህል፣ የተፈለፈለው ለመውለድ እስኪደርስ ደግሞ ሌላ ሦስት ሳምንት ገደማ ይፈጃል። ባዶ መሰለኝ ብሎ ዕቃውን የደፋ ሰው ብዙ ነው።

እንሽላሊቱ ቤት ገብተው ከጠፉ

የሚተነፍሱት በቆዳቸው ስለሆነ ደረቅ ቦታ አይኖሩም። አፈሩን እርጥብ አድርጉ፤ ደረቅ ቅጠልም አልብሱት። ለበረሃ እንሽላሊት ግን አፈሩን ማርጠብ ራሱን እንሽላሊቱን ስለሚጎዳ፣ እዚያ ቤት ስፕሪንግቴይል አታስገቡ።