የ30 ሰዓቱ ሒሳብ በመጨረሻ እንዴት እንደገባኝ

እንግሊዝ አገር ለሚሠሩ ወላጆች መንግሥት በሳምንት 30 ሰዓት የነርሰሪ ክፍያ ይሸፍናል። ልጄ በሳምንት 40 ሰዓት ትቆያለች። ስለዚህ የምከፍለው የ10 ሰዓት ብቻ ነው ብዬ አሰላሁ። በሰዓት 8 ፓውንድ፣ በድምሩ 80። ቢሉ ሲመጣ ግን 144! በጣም ደነገጥኩ።

ስህተቱ ሳምንቶቹ ላይ ነበር። 30 ሰዓቱ የሚታሰበው ለዓመቱ በሙሉ ሳይሆን ለ38 ሳምንት ነው፤ በጠቅላላው 1,140 ሰዓት ማለት ነው። የእኛ ነርሰሪ ደግሞ 51 ሳምንት ይሠራል፣ ሰዓቱንም ለዓመቱ አከፋፍሎታል። 1,140 ለ51 ሲካፈል በሳምንት 22 ገደማ ይደርሳል። የቀረው 18 ሰዓት የኔ ዕዳ ነው። ምግብና ዳይፐርም እዚህ ውስጥ አይገቡም፤ ለብቻቸው ጠይቁ።

ትንፋሽ የሰጠኝ ታክስ ፍሪ ቻይልድኬር የሚባለው አካውንት ነው። 8 ፓውንድ ስታስገቡ መንግሥት 2 ይጨምራል፣ በ3 ወር እስከ 500 ፓውንድ ድረስ። አሁን ከኪሴ የሚወጣው በሳምንት 115 አካባቢ ነው።

እባካችሁ የ30 ሰዓቱን ኮድ፣ ማለትም መንግሥት የሚሰጣችሁንና ለነርሰሪው የምታቀርቡትን ቁጥር፣ ተርሙ (የትምህርት ወቅቱ) ሳይጀምር አውጡ። ለሴፕቴምበር የመጨረሻው ቀን ኦገስት 31 ነው። በየ3 ወሩ ማደስም አለ፤ እኔ ስልኬ ላይ አላርም ሞልቻለሁ።