ዌቭ ፈንክሽን ኖርማላይዝ ስናደርግ የት የት እንሳሳታለን?

ዌቭ ፈንክሽን በኳንተም ፊዚክስ የአንድን ቅንጣት ሁኔታ የሚገልጽ ፈንክሽን ነው፤ ኖርማላይዝ ማድረግ ደግሞ ቅንጣቱ የመገኘቱ ዕድል ጠቅላላ ድምሩ 1 እንዲሆን ማስተካከል ነው። ኖርማላይዜሽን ላይ የሚሳሳት ተማሪ አብዛኛውን ጊዜ ኢንተግራል መሥራት አቅቶት አይደለም። ወደ ኢንተግራሉ ያስገባው ነገር ከመነሻው ልክ ስላልነበረ ነው፦ ስኩዌር ያልተደረገ ፈንክሽን፣ ኮንጁጌቱ (የኢማጂነሪ ክፍሉ ምልክት የተገለበጠበት ጥንዱ) የተረሳ ኮምፕሌክስ ቁጥር፣ ያለቦታው የገባ ወሰን፣ ሦስት ዳይሜንሽን ላይ የተዘለለ አር ስኩዌር (አር ከመካከሉ ያለው ርቀት ነው)። ኢንተግራሉንማ ከሠንጠረዥም ማግኘት ይቻላል።

ሐሳቡ አጭር ነው። የዌቭ ፈንክሽኑ መጠን ስኩዌር ሲደረግ ቅንጣቱ በአንድ ቦታ አካባቢ የመገኘቱን የዕድል ጥግግት ይሰጣል። ቅንጣቱ የሆነ ቦታ መኖሩ ስለማይቀር፣ ጥግግቱ ቦታውን ሁሉ አዳርሶ ሲደመር 1 መሆን አለበት። ይህን ትርጉም በ1926 እ.ኤ.አ. የሰጠው የፊዚክስ ሊቁ ማክስ ቦርን ነው፤ ኖቤል የተሸለመበት ግን ቆይቶ በ1954 ነው። ቦርን ራሱ መጀመሪያ ዕድሉን ያያያዘው ከፈንክሽኑ ጋር በቀጥታ ነበር፤ ስኩዌሩ መሆኑን የጨመረው ጽሑፉ ለኅትመት ሲታረም፣ በግርጌ ማስታወሻ ነው። ስኩዌር መርሳት እንግዲህ የቆየ በሽታ ነው።

ዌቭ ፈንክሽኑን የምናገኝበት የሽሮዲንገር እኩልታ መፍትሔ በማንኛውም ቋሚ ቁጥር ቢባዛ አሁንም መፍትሔ ነው። ስለዚህ እኩልታው የፈንክሽኑን ቅርጽ ይሰጣችኋል እንጂ ቁመቱን አይነግራችሁም። ቁመቱን የምትወስኑት እናንተ ናችሁ። መፍትሔውን ሲ በምንለው ቋሚ ቁጥር አባዙት፤ መጠኑን ስኩዌር አድርጉ፤ ቅንጣቱ ሊገኝ በሚችልበት ቦታ ሁሉ ኢንተግሬት አድርጉ። ሲ² ወደ ውጭ ሲወጣ የቀረውን ኢንተግራል ኤን እንበለው። ሲ² × ኤን = 1 ስለሚሆን፣ ሲ = 1 ÷ √ኤን። ሲ ኔጌቲቭ ወይም ኮምፕሌክስ ቢሆንም መጠኑ እስካልተለወጠ ድረስ ፊዚክሱ አይለወጥም። ለሥራ እንዲመች ፖዘቲቭ የሆነውን እንወስዳለን፤ የመልስ ወረቀቱ ላይ ማይነስ ብታዩ አትደንግጡ።

ከሳጥኑ እንጀምር

ግድግዳው የማይታለፍ፣ ከ0 እስከ ኤል የተዘረጋ ሳጥን ውስጥ ያለ ቅንጣት መፍትሔው ሳይን(ኤን ፓይ ኤክስ ÷ ኤል) ነው። እዚህ ላይ ኤን የኢነርጂ ደረጃው ቁጥር ነው፣ ቅድም ከጻፍነው ጋር አታምታቱት። ሳይን ስኩዌር በሙሉ ጉብታዎች ላይ አማካዩ ግማሽ ስለሆነ ኢንተግራሉ ኤል ÷ 2 ይወጣል፤ ሲ = √(2 ÷ ኤል)። ደረጃው 1 ይሁን 50፣ ቋሚው ያው ነው።

ኤል 1 ናኖሜትር ቢሆን ሲ 1.414 ነው። በሜትር የሠራ ጓደኛችሁ 44,700 ገደማ ያገኛል፤ ሁለታችሁም ልክ ናችሁ። በአንድ ዳይሜንሽን የዌቭ ፈንክሽን አሃድ 1 ÷ √ርዝመት ነው፣ በሦስት ዳይሜንሽን ደግሞ 1 ÷ √ይዘት። መልሳችሁን ከማስረከባችሁ በፊት ይህን አሃድ ብቻ እዩ፤ ግማሹ ስህተት እዚያው ይያዛል።

የማይያዘውም አለ። ሳጥኑን ከ−ኤል ÷ 2 እስከ ኤል ÷ 2 አድርጋችሁ፣ ነገር ግን ያንኑ ሳይን(ፓይ ኤክስ ÷ ኤል) ተሸክማችሁ ብትሄዱ፣ ኢንተግራሉ አሁንም ኤል ÷ 2 ይሰጣችኋል። ቋሚው ልክ ይመስላል፣ አሃዱም ልክ ነው። ፈንክሽኑ ግን ግድግዳው ላይ ዜሮ አይሆንም፤ መካከል ላይ በተቀመጠ ሳጥን የመጀመሪያው ደረጃ ኮሳይን ነው። ኖርማላይዜሽን የጠቅላላውን ሒሳብ ያስተካክላል እንጂ የተሳሳተ መፍትሔን ልክ አያደርግም። ስለዚህ የግድግዳውን ሁኔታ አስቀድማችሁ ፈትሹ።

ቋሚው ከተገኘ በኋላ ምን እንደሚጠቅም ለማየት፣ በመጀመሪያው ደረጃ ያለ ቅንጣት በሳጥኑ መካከለኛ ሲሶ ውስጥ የመገኘቱን ዕድል አስሉ። ከኤል ÷ 3 እስከ 2 ኤል ÷ 3 ሲሠራ 0.609 ይወጣል። ዕድሉ በየቦታው እኩል ቢሆን ኖሮ 0.333 ነበር። ሲን ሳታገኙ ይህን ቁጥር ብታሰሉ ኖሮ የምታገኙት በኤል ልክ የሚለዋወጥ፣ ዕድል ያልሆነ ነገር ነው።

አሁን ፈንክሽኑን በኤክስ × (ኤል − ኤክስ) ቀይሩት። ስኩዌሩ ሲዘረዘር ኤል² ኤክስ² − 2 ኤል ኤክስ³ + ኤክስ⁴ ነው፤ ኢንተግራሉ ኤል⁵ × (1/3 − 1/2 + 1/5)፣ ማለትም ኤል⁵ ÷ 30። ሲ = √(30 ÷ ኤል⁵)። መካከለኛው ቃል ላይ ያለውን 2 የሚረሳ ብዙ ነው። ያኔ 1/2 የነበረው 1/4 ይሆንና ሳትጠረጥሩ 17/60 ይዛችሁ ትወጣላችሁ። አሃዱ ልክ ስለሚሆን አሃድ አያጋልጠውም፤ የሚያጋልጠው ኤክስ = ኤል ÷ 2 ላይ ያለውን ቁመት መገመት ነው። ትክክለኛው ስኩዌር እዚያ ላይ 30 ÷ (16 ኤል)፣ ማለትም 1.875 ÷ ኤል ሲሆን፣ ለሳይኑ 2 ÷ ኤል ነበር። ሁለቱ ጉብታዎች ስለሚመሳሰሉ ቁጥራቸው መቀራረብ አለበት። ስህተተኛው 0.22 ÷ ኤል ገደማ ይሰጣል፣ ይህም በዓይን ይታያል።

የደወል ቅርጽ ባለው ጋውሲያን ላይ ያለው ወጥመድ ሌላ ነው። ኤክስፕ(−ኤክስ² ÷ 2ኤ²) (ኤ ስፋቱን የሚወስን ቋሚ ነው) ስኩዌር ሲደረግ ኤክስፖኔንቱ እጥፍ ይሆናል፣ 2ቱ ይሰረዛል፤ ኢንተግራሉ ኤ√ፓይ ነው። ሲ የዚህ ስኩዌር ሩት ግልባጭ ስለሆነ ፓይ ላይ አራተኛ ሩት ይመጣል። መልሳችሁ ውስጥ √(2 ፓይ) ካያችሁ ስኩዌር ሳታደርጉ ኢንተግሬት አድርጋችኋል ማለት ነው፤ እሱ የስታቲስቲክስ መጽሐፍ ቀመር ነው።

ኮምፕሌክስ ሲሆን

አንድ ቅንጣት የሳጥኑን የመጀመሪያና የሁለተኛ ደረጃ በ3 እና በ4አይ ደምሮ ይዟል እንበል፤ አይ የ−1 ስኩዌር ሩት ነው። ሁለቱ ደረጃዎች እያንዳንዳቸው ኖርማላይዝ የተደረጉና እርስ በርሳቸው ኦርቶጎናል (የአንዱ ኮንጁጌት ከሌላው ጋር ተባዝቶ ኢንተግራሉ ዜሮ የሚሆን) ስለሆኑ ኢንተግራል አያስፈልግም፤ መጠኖቹን ስኩዌር አድርጎ መደመር ይበቃል። 4አይን ዝም ብሎ ስኩዌር ያደረገ −16 አግኝቶ ከ9 ጋር ደምሮ −7 ላይ ይቆማል። ኔጌቲቭ ድምር ኮንጁጌት ለመረሳቱ የማያሻማ ምልክት ነው። 4አይ በኮንጁጌቱ በ−4አይ ሲባዛ 16 ነው፤ 9 + 16 = 25፤ ሲ = 1/5። ኢነርጂው ሲለካ የመጀመሪያው ደረጃ የመገኘት ዕድሉ 0.36፣ የሁለተኛው 0.64 ነው። የሁለተኛው ኢነርጂ የመጀመሪያውን 4 እጥፍ ስለሆነ አማካዩ 0.36 + 4 × 0.64 = 2.92 እጥፍ ይሆናል። ከ1 እና ከ4 መካከል ባይወድቅ ኖሮ ተመለሱ ማለት ነበር።

ይህ አቋራጭ የሚሠራው ኦርቶጎናል ለሆኑት ብቻ ነው። የሁለት አጎራባች አተሞች ኦርቢታሎች (የኤሌክትሮኖቻቸው ዌቭ ፈንክሽኖች) ሲደመሩ ይደራረባሉ፤ ያኔ የመደራረቡ ኢንተግራል ሁለት ጊዜ ይታከላል። ሁለቱ በእኩል መጠን ተደምረው መደራረባቸው ኤስ ቢሆን፣ ሲ = 1 ÷ √(2 + 2ኤስ) ነው እንጂ 1 ÷ √2 አይደለም።

ሃይድሮጅን

የሃይድሮጅን ዝቅተኛው ደረጃ ኤክስፕ(−አር ÷ ኤ) ነው፤ ኤ የቦር ራዲየስ (የአተሙ መጠን መለኪያ ርዝመት)፣ 0.0529 ናኖሜትር። እዚህ የምንደምረው በመስመር ላይ ሳይሆን በይዘት ውስጥ ነው። ፕሮቶኑን የከበቡ ስስ የሽንኩርት ልጣጮችን አስቡ፦ እያንዳንዱ ልጣጭ 4 ፓይ አር² × ውፍረቱ የሚያህል ይዘት አለው። ስለዚህ ከኢንተግራሉ በፊት 4 ፓይ አር² መግባት አለበት። የአር² × ኤክስፕ(−2አር ÷ ኤ) ኢንተግራል ከ0 እስከ ኢንፊኒቲ ኤ³ ÷ 4 ነው፤ በ4 ፓይ ሲባዛ ፓይ ኤ³ ይሆናል። ሲ = 1 ÷ √(ፓይ ኤ³)። ልጣጩን የረሳ ኤ ÷ 2 ያገኛል፤ ኤ እንጂ ኤ³ አለመሆኑ አሃዱ ላይ ወዲያው ይታያል። አር ርቀት ስለሆነም ወሰኑ ከ0 ይጀምራል፣ ከማይነስ ኢንፊኒቲ አይደለም።

ቁጥሩን ስትከቱ ሲ² ወደ 2,150 በናኖሜትር ኪዩብ ይወጣል። ዕድል እንዴት ከ1 በለጠ? አልበለጠም። ይህ ጥግግት ነው፤ ዕድል የሚሆነው በይዘት ሲባዛ ነው፣ አተሙም በጣም ትንሽ ነው። ከቦር ራዲየስ በታች ያለው ዕድል ሲደመር 0.323 ብቻ ነው።

አንዳንዱ ፈንክሽን ጭራሽ ኖርማላይዝ አይሆንም። የነፃ ቅንጣት ሞገድ መጠኑ በየቦታው እኩል ስለሆነ ድምሩ ማለቂያ የለውም። ያኔ ወይ ትልቅ ሳጥን ውስጥ ታስገቡታላችሁ፣ ወይ በዴልታ ፈንክሽን (አንድ ነጥብ ላይ ብቻ የተከማቸ፣ ድምሩ 1 የሆነ) ታስተካክሉታላችሁ፣ ወይ ብዙ ሞገዶችን ደምራችሁ ጥቅል ትሠራላችሁ። እየራቀ ሲሄድ የሚያድግ ኤክስፖኔንሺያል ግን ይጣላል እንጂ አይጠገንም።

ኮምፒውተር ላይ

በፓይተን ሐሚልቶኒያኑን (የኢነርጂውን ኦፕሬተር) ማትሪክስ አድርጋችሁ ነምፓይ የተባለውን የፓይተን የሒሳብ ላይብረሪ አይገንቬክተር (የአንዱን ደረጃ መፍትሔ) ብትጠይቁት፣ የሚመልሰው ኖርማላይዝ የተደረገ ነው፤ ግን በራሱ ልማድ። የነጥቦቹ ስኩዌር ድምር 1 ይሆናል፣ በመካከላቸው ያለውን ርቀት አያውቅም። የ1 ናኖሜትር ሳጥንን በ1,000 ነጥብ ብትከፍሉ ጫፉ 1.414 መሆን ሲገባው 0.0447 ታያላችሁ። በነጥቦች መካከል ያለው ርቀት 0.001 ስለሆነ ለስኩዌር ሩቱ፣ ለ0.0316፣ አካፍሉት፤ 1.414 ይመጣል። ይህን የዘለለ ሰው ነጥቦቹን ወደ 2,000 ሲያሳድግ ግራፉ ዝቅ ይልበትና ፊዚክሱ የተለወጠ ይመስለዋል።

ፈንክሽኑ በጊዜ ሲሄድ እንደገና ኖርማላይዝ ማድረግ አያስፈልግም፤ ሐሚልቶኒያኑ ሄርሚሺያን (ከራሱ ኮንጁጌት ትራንስፖዝ ጋር እኩል) ከሆነ እኩልታው ራሱ ድምሩን ይጠብቀዋል። ፕሮግራማችሁ ውስጥ ድምሩ 1፣ 1.02፣ 1.09 እያለ ከወጣ ችግሩ የአሠራሩ ነው። ቀላሉ የኦይለር አካሄድ እንዲህ ያሳድጋል፤ ክራንክ–ኒኮልሰን የተባለው አካሄድ ግን ድምሩን ይጠብቃል። በየእርምጃው በጉልበት ወደ 1 መመለስ ትኩሳቱን ትቶ ቴርሞሜትሩን እንደማቀዝቀዝ ነው። በየእርምጃው ኖርማላይዝ ማድረግ ግድ የሚሆነው ዝቅተኛውን ደረጃ ለማግኘት ጊዜውን ኢማጂነሪ አድርጋችሁ ስትሠሩ ነው፤ እዚያ ፈንክሽኑ መጠኑን የሚለውጠው በጥፋት ሳይሆን በባሕርይው ነው፣ የሚለወጥበት ፍጥነትም የዝቅተኛውን ደረጃ ኢነርጂ ይሰጣችኋል።